ከለገሀር እስከ ቦሌ፦ የአማርኛ ግጥም በእልፍኝ ዜማ

፩

ስለ ዘመናዊ ሙዚቃ በመካከላችን ክርክር በተነሳ ቁጥር ነገሩ የሚያልቀው አንድ ቦታ ላይ ነው። አንዱ ወገን «ይሄ የፈረንጅ ነው፤ እኛ ዘንድ የለም» ይላል። ሌላው «ኧረ እኛ ዘንድ ያልነበረ ምን አለና! ሁሉም ከያሬድ ነው የወጣው» ብሎ ይዘጋዋል። ሁለቱም ሳይደክሙ ስለሚረቱ ወደ ታሪኩ የሚገባ አይገኝም። እኛ አንዲት ጠባብ ጥያቄ ይዘን ለመግባት ሞክረናል። አንድ የአማርኛ ግጥም፣ አንድ ድምፅ፣ አንድ ወይም ጥቂት የሙዚቃ መሣሪያ፣ ትንሽ ክፍል፣ ጥቂት አድማጭ። ይህ ጥበብ በአገራችን ከየት ተነስቶ የት ደረሰ? ለምንስ ከእጃችን እየወጣ ይሄዳል?

ፈረንጆች ይህን ዓይነቱን ቻምበር ሙዚቃ ይሉታል። ቻምበር ክፍል፣ እልፍኝ ማለት ነውና «የእልፍኝ ሙዚቃ» ብንለው ቃሉ አይጣላንም። የእልፍኝ ሙዚቃ ሰልፈኛ አያሰልፍም፤ ሙሽራም አያስጨፍርም። ሰው ተቀምጦ የሚያደምጠው ነው። ድምፅ ሲገባበት ደግሞ ግጥሙ የቤቱ ጌታ ይሆናል፤ መሣሪያው ከጎኑ ተቀምጦ ያንኑ ግጥም በራሱ ቋንቋ ያነባል። አንዳንዴ ይስማማዋል፣ አንዳንዴ ይከራከረዋል፣ አንዳንዴም ግጥሙ ያልደፈረውን ይናገርለታል።

ስለ ዓመታቱ አንድ ነገር እንበል። ሸክላዎቹ፣ የውጭ አገር ትምህርት ቤቶቹ መዝገብና የአየር መንገዱ ታሪክ የሚቆጠሩት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ስለሆነ፣ አንባቢ ሁለት ዘመን እያሰላ እንዳይቸገር ሁሉንም በዚያው አስቀምጠናል።

፪

ከውጭ ወደ መጣው ከመሄዳችን በፊት ከቤት ያለውን እንቁጠር።

በገና አሥር ጅማት አለው። አባቶች አሥሩን ከአሥርቱ ትእዛዛት ጋር ያያይዙታል፤ መሣሪያውንም ከዳዊት። የሚደረደረው ይበልጡን በጾም ወራት፣ በተለይም በሁዳዴ ነው። ደርዳሪው ብቻውን ይቀመጣል። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ከንግግር እምብዛም ሳይርቅ፣ ስለ ሞት፣ ስለ ንስሐ፣ ስለዚች ዓለም ከንቱነት የተገጠመውን ያንጎራጉራል። ያን እንደ ንብ የሚያጉረመርም ድምፅ የምትሰጠው ከጅማቱ ሥር የምትሸጎጠው ትንሽ ቁራጭ ቆዳ ናት፤ እንዚራ ይሏታል። በገና የመኳንንትና የካህናት መሣሪያ ሆኖ የኖረ ነው። ቦታውም ያው እልፍኝ ነው። እንግዲህ አንድ ድምፅ፣ አንድ መሣሪያ፣ አንድ ግጥም፣ ትንሽ ክፍል ካልን፣ በገና ከዚህ ምን ይጎድለዋል? ምንም።

ማሲንቆው ደግሞ ሌላ ትምህርት አለው። አዝማሪው የራሱን ግጥም ብቻ አይደለም የሚዘፍነው። ጠጅ ቤት የተቀመጠው እንግዳ «ተቀበል!» ብሎ ስንኝ ይወረውራል፤ አዝማሪውም ቃሉን ተቀብሎ በዜማ ይመልሰዋል። ገጣሚው ሌላ፣ ዘፋኙ ሌላ። ፈረንጆቹ በወረቀት የሚያደርጉትን ይህን የሥራ ክፍፍል እኛ በጆሮና በምላስ፣ በሁለት ትንፋሽ መካከል እናደርገው ነበር ማለት ነው።

ዜማን መጻፍስ? እሱም ለእኛ እንግዳ አይደለም። በቤተ ክርስቲያን ትውፊት እንደሚነገረው፣ በ16ኛው መቶ ዘመን፣ በዐፄ ገላውዴዎስ ጊዜ፣ አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል የድጓውን ምልክት አደራጅተዋል። ከቃሉ በላይ በደቃቅ ፊደል የሚሰፍረው ያ ምልክት፣ ለሚያውቀው መሪጌታ ቀጥሎ የትኛው የዜማ ሐረግ እንደሚመጣ ይነግረዋል። ያውም ባለ አምስት መስመሩ የፈረንጅ ኖታ አዲስ አበባ ከመድረሱ ሦስት መቶ ዓመታት ያህል አስቀድሞ!

ግን አንድ ነገር ልብ እንበል። ምልክቱ የተሠራው ለግዕዙ ዜማ ነው። የአማርኛው ግጥም፣ የበገናውም ሆነ የማሲንቆው፣ በቃል ብቻ ሲተላለፍ ኖረ። ደርዳሪው ሲሞት ወይም ሲሰደድ፣ ደቀ መዝሙር ካልተወ በቀር፣ ዜማው አብሮት ይሄዳል። የዚህ ጽሑፍ ነገር በሙሉ የሚመዘዘው ከዚህችው ዓረፍተ ነገር ነው።

፫

«ታዲያ ጽፎ ማስቀመጥ ምን ያቅታል? ኖታውን መማር ነው» የሚል ይኖራል። ነገሩ እንዲህ ቀላል አይደለም፤ ምክንያቱ ደግሞ እኛ የሥነ ጽሑፍ ተማሪዎች ከማንም በላይ ልናውቀው የሚገባ ነው።

«ይሰማል» የሚለውን ቃል እንውሰድ። ላልቶ ከተነበበ አንድ ሰው ያዳምጣል ማለት ነው። ሰ እና ማ ጠብቀው ከተነበቡ ግን ድምፁ ለሌላው ይደርሳል ማለት ይሆናል። ፊደሉ ያው ነው። «ገና» ሲላላ ጊዜው አልደረሰም ማለት ነው፤ ሲጠብቅ ግን በዓል ሆኖ ይመጣል። «አለ» ሲላላ ተናገረ፤ ሲጠብቅ በሕይወት ይኖራል። ጽሑፋችን ይህን ልዩነት ለአንባቢ ትቶታል። ባለቅኔውም በዚያ ክፍተት ገብቶ ሰሙን ከወርቁ ይደብቃል። አንባቢ በሆዱ ሁለቱንም ሊያነብ ይችላል።

ዜማ ደራሲው ግን ይህ ዕድል የለውም። የጠበቀ ፊደል በዘፈን ውስጥ ጊዜ ይፈልጋል፤ ድምፁ እዚያ ላይ ተገትቶ ነው የሚያልፈው። ከፊቱ ያለውን ቀለም እያስረዘመ ቢያንሳፍፈው የጠበቀው ላልቶ ይሰማል፤ ግጥሙም ሌላ ግጥም ይሆናል። ስለዚህ የአማርኛን ግጥም በኖታ የሚያሰፍር ሰው በየቃሉ ላይ ፍርድ ይሰጣል። ወይም፣ ብልህ ከሆነ፣ ድምፁ አንዱን ሲናገር መሣሪያው ሌላውን እንዲያስታውስ ያደርጋል፤ ድምፁ ሰሙን ይይዛል፣ መሣሪያው ወርቁን። ለአማርኛ የእልፍኝ ሙዚቃ ከዚህ የተሻለ ሥራ ይኖራል ብለን አናምንም።

ሁለተኛው ጉዳይ ምጣኔው ነው። የወል ቤት በየሐረጉ ስድስት ስድስት ቀለም ይዞ ይሄዳል። ሰንጎ መገን አምስት አምስት ነው። የጸጋዬ ገብረ መድኅን ስም የተሰጠው ቤት ስምንት ስምንት ይላል። ከእግር ኮቴ ጋር እኩል የሚረግጠው የሰልፍ ምት ለሰንጎ መገን አምስት ቀለም አይመቸውም፤ አንዱን ያስረዝማል ወይም ባዶ ቦታ ይተዋል። ዘፋኙ በልማድ ያስተካክለዋል። ጽፎ የሚያስቀምጠው ሰው ግን አስቦ መወሰን አለበት።

፬

የባለ አምስት መስመሩን ኖታ ከአማርኛ ግጥም ጋር ካገናኙት በሮች አንዱ ለገሀር ነው።

በ1924 ራስ ተፈሪ ኢየሩሳሌምን ሲጎበኙ፣ በአርመኖች ላይ ከደረሰው እልቂት የተረፉ አርባ ወላጅ አልባ ልጆች ሙዚቃ ሲጫወቱ ሰሙ። ልጆቹን ወደ አገር ቤት አስመጧቸው። በዚያው ዓመት መስከረም ላይ በባቡር አዲስ አበባ ገቡ፤ ከተማው «አርባ ልጆች» አላቸው። የሙዚቃ አሠልጣኛቸው ሆኖ የመጣው ሙሴ ኬቮርክ ናልባንዲያን ነው። ጥቂት ቆይቶ፣ በ1926፣ «ኢትዮጵያ ሆይ ደስ ይበልሽ» ለሚለው የንጉሠ ነገሥቱ ዘመን መዝሙር ዜማውን ደረሰ። ቃሉን የገጠሙት ደግሞ ቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ ናቸው፤ የጎጃም ሰው፣ ቅኔ ቤት ያደጉ፣ በኋላም ከመጀመሪያዎቹ የቴአትር ደራሲዎቻችን አንዱ። መዝሙሩ በ1930 በዘውድ በዓሉ ላይ ተሰማ፤ እስከ 1970ዎቹ አጋማሽ ድረስም አገለገለ።

ብሔራዊ መዝሙር የእልፍኝ ሙዚቃ አይደለም፤ ይህን እናውቃለን። ጥሩንባና ከበሮ ይዞ አደባባይ የሚቆም ነገር ነው። የእኛ ፍላጎት ሌላ ነው። አንድ የቅኔ ሰውና አንድ የኖታ ሰው፣ ሁለቱም የሌላውን ሙያ በውል ሳያውቁ፣ በአንዲት ወረቀት ላይ ተገናኙ። ወረቀቷ ከሁለቱም በላይ ዕድሜ አገኘች። ዮፍታሔ በ1940ዎቹ አረፉ፤ መዝሙሩ ግን በማያውቋቸው ልጆች አፍ ከሩብ ምዕተ ዓመት በላይ ተዘመረ። ሰው ሲሄድ ዜማው አልሄደም። አደባባዩ ይህን አገኘ። እልፍኙ ግን አላገኘም፤ ምክንያቱም ኖታ ለማሰልጠን ገንዘብ የተሰጠው ለሰልፍና ለክብር ዘበኛ ባንድ እንጂ ለአንድ ድምፅና ለአንድ በገና አልነበረም።

የኬቮርክ የወንድም ልጅ ነርሲስ ናልባንዲያን ከዚህ ትንሽ ራቅ ብሎ ሄዷል። በ1955 በተከፈተው በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ ቀጥሎም በያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት ሠርቷል፤ የኢትዮጵያን ዜማዎች ለኦርኬስትራና ለመዘምራን አሰናድቷል፤ በ1977 እዚሁ አዲስ አበባ አረፈ። የባንዱን ወረቀት ወደ መዘምራኑ አመጣው ማለት ነው። ወደ አንዲቷ ድምፅ ለመድረስ አንድ እርምጃ ቀረ።

፭

ያ እርምጃ ሌላው ዓለም ዘንድ እንዴት ተሄደ? ሹበርት በ1828 በሠላሳ አንድ ዓመቱ ሲሞት ከስድስት መቶ በላይ ዘፈኖች ትቷል፤ አብዛኞቹ ለአንድ ድምፅና ለፒያኖ የተጻፉ ናቸው። «የክረምት ጉዞ» የሚባለው ሥራው የቪልሄልም ሙለርን ሃያ አራት ግጥሞች ይዟል። ገጣሚውና ዜማ ደራሲው አንድ ቤት መኖር፣ መተዋወቅም እንኳ አላስፈለጋቸውም። የታተመ መጽሐፍ አገናኛቸው።

በ1912 ደግሞ አርኖልድ ሾንበርግ በርሊን ላይ «ፒዬሮ ሉኔር»ን አሰማ። የአንድ ቤልጅየማዊ ገጣሚ ሃያ አንድ ግጥሞች ወደ ጀርመንኛ ተመልሰው፣ ለአንዲት ሴት ድምፅና ለአምስት ተጫዋቾች የተጻፉበት ሥራ ነው። ድምፁ አይዘፍንም፤ አይናገርምም። በሁለቱ መካከል ይንሸራተታል። አውሮፓ ይህን ሰምቶ ተንጫጫ። እኛ ግን ቀረርቶ ሲያሰማ፣ ሲሸልልና ሲፎክር የሰማነው የአገራችን ሰው በዚያ አዳራሽ ቢቀመጥ ኖሮ በድምፁ አጣጣል ብዙ የሚደነቅ አይመስለንም። በንግግርና በዘፈን መካከል መቆም በገና ደርዳሪውም የሚያውቀው ቦታ ነው።

ይህን የምንለው «እኛ ቀድመን ነበር» ለማለት አይደለም፤ ያ ክርክር ደክሞናል። ልዩነቱ ያለው የሾንበርግ ወረቀት ዛሬም ተከፍቶ ማንም ስድስት ሰው ሊሞክረው መቻሉ ላይ ነው።

፮

ሁለተኛው በር ቦሌ ነው።

የልደታው አውሮፕላን ማረፊያ ለጄት አጭር ሆነ። ቦይንግ 720 ሊገዛ ሲታሰብ በከተማው ደቡብ ምሥራቅ፣ ቦሌ ላይ፣ አዲስ ማረፊያ መሥራት ግድ ሆነ። በታኅሣሥ 1962 አዲሱ ማኮብኮቢያና የመቆጣጠሪያው ማማ ሥራ ጀመሩ። ከዚያ ወዲህ የአዲስ አበባ የሙዚቃ ታሪክ በባቡር ሐዲድ መለካቱ ቀርቶ በዚያ ሜዳ መለካት ጀመረ። ስኮላርሺፕ የሚሄደው በቦሌ፣ ተመራቂው የሚመለሰው በቦሌ፣ ሸክላው የሚገባው በቦሌ።

በዚያው በ1962 አሸናፊ ከበደ አሜሪካ ከሚገኘው ከኢስትማን የሙዚቃ ትምህርት ቤት ተመረቀ። ተወልዶ ያደገው በአዲስ አበባ ነው። ተመልሶ በያሬድ ስም የተሰየመውን የሙዚቃ ትምህርት ቤት ካቋቋሙት ዋነኛው ሆነ፤ የመጀመሪያው ዲሬክተሩም እሱ ነበር። «እረኛው ባለዋሽንት» የተባለውን የኦርኬስትራ ሥራውን ብዙ ሰው ያውቀዋል። ለእኛ ጉዳይ የሚቀርበው ግን «ኮቱሬዢያ» ነው፤ ለዋሽንት፣ ለክላርኔት፣ ለቫዮሊንና ኮቶ ለሚባለው የጃፓን ባለ ክር መሣሪያ የተጻፈ የእልፍኝ ሙዚቃ። አንድ ኢትዮጵያዊ አውሮፓንና እስያን በአንድ ክፍል ውስጥ አስቀምጦ ሲያነጋግር እናያለን። ድምፅ ግን የለበትም፤ የአማርኛ ግጥም የሚቀመጥበት ወንበር በዚያ ክፍል አልተዘጋጀም። አሸናፊ ከዚያ በዌስሊያን ዩኒቨርሲቲ በ1971 ዶክትሬቱን ያዘ፤ በአሜሪካ ሲያስተምርና ሲጽፍ ኖሮ በ1998 እዚያው አረፈ። በቦሌ ወጣ፤ ትምህርት ቤቱ ቀረ፤ ድርሰቱን የምንሰማው ግን ይበልጡን ከባሕር ማዶ በመጣ ቅጂ ነው።

በትምህርት ቤቱ ውስጥ ሌላ ተስፋ ነበር። መጋቤ ስብሐት ዓለሙ አጋ በ1970ዎቹ መጀመሪያ በያሬድ ትምህርት ቤት በገና ማስተማር ጀመሩ። እስቲ አስቡት! በአንድ ግቢ ውስጥ በዚህ ክፍል በገና፣ በዚያ ክፍል ፒያኖና ቫዮሊን። አንድ ጎበዝ ተማሪ ከአንዱ ክፍል ወጥቶ ወደ ሌላው ቢገባ የአማርኛ የእልፍኝ ዜማ በወረቀት ላይ ሊወለድ ይችል ነበር። አልሆነም። አብዮቱ መጣ፤ በገና የሃይማኖት መሣሪያ ነው ተባለ፤ ከሬዲዮ ጠፋ፤ በትምህርት ቤቱም ትምህርቱ ተቋረጠ። በሩ የተዘጋው በአንድ መሣሪያ ላይ ቢመስልም የተዘጋው በሁለቱ ክፍሎች መካከል የነበረው ኮሪደር ነው።

፯

አሁን የታሪኩ እምብርት ላይ ደረስን። ኮሪደሩ በተዘጋበት ዘመን ያን እርምጃ የተራመዱ አንዲት መነኩሲት ነበሩ፤ ቦታውም የቤተሰባቸው ቤት ነው።

እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ በታኅሣሥ 1923 በአዲስ አበባ ተወለዱ። የዓለም ስማቸው የውብዳር ነው፤ አባታቸው ከንቲባ ገብሩ ደስታ ናቸው። «የልቤ መጽሐፍ»ን የጻፉት ወይዘሮ ስንዱ ገብሩ እህታቸው ናቸውና ቤቱ ሥነ ጽሑፍንም ያውቃል። በስድስት ዓመታቸው ለትምህርት ወደ ስዊዘርላንድ ተላኩ፤ ቫዮሊን እዚያ ጀመሩ። ጣሊያን አገራችንን በወረረ ጊዜ ከቤተሰባቸው ጋር ተግዘው አዚናራ ደሴት ታሰሩ። ከነጻነት በኋላ ካይሮ ሄደው አሌክሳንደር ኮንቶሮቪች ከሚባል ቫዮሊንኛ ተማሩ። ወደ ለንደን ሊሄዱ የነበረው የትምህርት ዕድል ሳይሳካ ሲቀር ፊታቸውን ወደ ገዳም መለሱ። በግሸን ማርያም አሥር ዓመት ገደማ ኖሩ፤ በኋላም በጎንደር የያሬድን ዜማ አጠኑ። የመጀመሪያ ሸክላቸው በ1967 በጀርመን ወጣ፤ ገቢውም ለችግረኞች እንዲውል ነበር።

ዓለም የሚያውቃቸው በፒያኗቸው ነው። እኛን ግን የገረመን በ2024፣ እሳቸው መጋቢት 26 ቀን 2023 በኢየሩሳሌም በዘጠና ዘጠኝ ዓመታቸው ካረፉ ከአንድ ዓመት በታች ቆይቶ፣ በአሜሪካ የታተመው ሸክላ ነው። በ1977 እና በ1985 መካከል፣ አዲስ አበባ ባለው በቤተሰባቸው ቤት፣ እማሆይ ራሳቸው በካሴት የቀዱት ነው። ፒያኖ እየተጫወቱ ይዘፍናሉ። ግጥሙ የራሳቸው ነው፤ ቋንቋው አማርኛ ነው። በቅጂው ውስጥ ከመስኮቱ ውጭ ወፎች ይሰማሉ።

የግጥሞቹ ነገር ናፍቆት ነው። አገር፣ ስደት፣ ደመና፣ መንገድ፣ ራቅ ባለ አገር ያለ ሰው። ዘመኑን እናስታውስ፤ 1977 በዚህ ከተማ የቀይ ሽብር ዓመት ነው። ከአገር ለመውጣት የመውጫ ቪዛ የሚጠየቅበት፣ ቦሌ ላይ የሚደረገው ስንብት ስንት ዓመት እንደሚቆይ ማንም የማያውቅበት ጊዜ ነው። የሄደው ተመልሶ አይመጣም፤ የቀረው ጮክ ብሎ አያለቅስም። እማሆይ ገና አገራቸው ሳሉ ስለ አገር ናፍቆት ዘፈኑ። ይህ ነገር መጀመሪያ ሲሰማ ግር ይላል፤ በደንብ ሲያስቡት ግን የዚያን ዘመን የአዲስ አበባ ሰው ልክ ይሄ ነበር። ሰው እቤቱ ተቀምጦ አገሩ ይናፍቀዋል። እማሆይም በ1980ዎቹ አጋማሽ ጠቅልለው ወደ ኢየሩሳሌም ሄዱ፤ ኑሯቸውን በዚያው በኢትዮጵያውያን ገዳም አደረጉ።

ሙዚቃውን ስንሰማ ከላይ የደረደርነው ሁሉ ይገናኛል። ድምፃቸው እንደ በገና ደርዳሪ ዝቅ ያለ ነው፤ ለአዳራሽ አልተዘጋጀም። ፒያኖው የአውሮፓን ትምህርት ያውቃል፤ ግን እየተንጠባጠበ፣ እየዘገየ፣ ትንፋሽ እየጠበቀ ይሄዳል፤ ምቱ ለሰልፍ ሳይሆን ለአማርኛው ሐረግ ይታዘዛል። ድምፁ ቃሉን ሲጨርስ ጣቶቻቸው ቃሉ ያልጨረሰውን ይቀጥላሉ። የሚፈለገው የእልፍኝ ሙዚቃ ይኸው! ከዮፍታሔና ከኬቮርክ ግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላ፣ ቅኔው ሰውና የኖታው ሰው በአንዲት ሴት ውስጥ ተገናኙ። አደባባዩ ያልሰጣቸውን እልፍኝ ሰጣቸው።

እና ምን ሆነ? ካሴቱ ወጣ። አዲስ አበባ ውስጥ፣ በአማርኛ፣ ለአዲስ አበባ ሰው የተዘፈነው ዘፈን ሸክላ ሆኖ ለመታተም አርባ ዓመት ገደማ ፈጀበት፤ የታተመውም ውቅያኖስ ማዶ ነው። የፒያኖ ድርሰቶቻቸው ኖታ በመጽሐፍ የወጣውም በ2013 በኢየሩሳሌም ነው። ያተሙትን ሰዎች እናመሰግናለን፤ ባያትሙት አፈር ይበላው ነበር። ቢሆንም ከእልፍኛችን የወጣውን ዜማ እንደ እንግዳ ዕቃ ቦሌ ላይ መቀበላችን ሊያሳፍረን ይገባል።

፰

«እንግዲያውስ ዛሬ ምን ችግር አለ? ሁሉም ይቀዳል፤ ምንም አይጠፋም» የሚል ጓደኛ አለን። መቅዳት ትልቅ ነገር ነው፤ የእማሆይ ካሴት ምስክር ነው። ግን ቅጂ ድምፅን ያቆያል እንጂ ሥራውን ለሌላ ሰው አያስረክብም። የእማሆይን ዘፈን አንዲት የሃያ ዓመት ልጅ በራሷ ድምፅ ልትሞክረው ብትፈልግ፣ የትኛው ፊደል ጠበቀ፣ የትኛው ላላ፣ ፒያኖው የቱ ጋ ዝም አለ ብላ በጆሮዋ ስትለቅም መክረም አለባት። ይህም ትምህርት ነው፤ በገናም የተወረሰው እንዲህ ነው። ግን በገናው መምህር ነበረው፤ ደቀ መዝሙሩም እግሩ ሥር ተቀምጦ ይታረም ነበር። ካሴት አያርምም።

ደግሞ ተስፋ የለም አንልም። በ2010ሮቹ ዓመታት በራስ ሆቴል በየወሩ ይቀርብ የነበረው «ግጥም በጃዝ» አዳራሽ ሲሞላ አይተናል። ገጣሚ ቆሞ ያነባል፤ ከጎኑ ባንድ ይጫወታል። ወጣቱ ለግጥም ገንዘብ ከፍሎ፣ ተጋፍቶ ገባ። ሕዝብ ግጥም አይሰማም የሚለው ሰበብ ከዚያ ወዲህ አያስኬድም። የጎደለው ምንድን ነው ቢባል፣ እኛ የሚመስለን፣ ሙዚቃው ብዙውን ጊዜ ከግጥሙ ሥር እንደ ምንጣፍ መነጠፉ ነው። ግጥሙ ሲለወጥ ምንጣፉ ያው ነው። ቃል በቃል፣ ፊደል በፊደል ለአንድ ግጥም ብቻ የተሠራ፣ ሌላ ግጥም ቢያስቀምጡበት የሚያነክስ ሙዚቃ ገና አልለመድንም።

«ገና» ስንል ላልቶ ይነበብልን።

እንግዲህ ነገሩ ወደ እኛው ይመለሳል። ያሬድ ሙዚቃ ትምህርት ቤት ዛሬ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ሥር ነው። በአንድ ዩኒቨርሲቲ ጥላ ሥር ግጥም የሚጽፉ ልጆችና ኖታ የሚጽፉ ልጆች አሉ፤ የሚተዋወቁት ግን በካፌ ወሬ ነው። ያ የተዘጋው ኮሪደር እንዲከፈት የማንንም ፈቃድ አይጠይቅም። ከዚህች መጽሔት አንድ አጭር ግጥም እንምረጥ፤ ከአሥራ ሁለት ስንኝ አይብለጥ። የጠበቁትን ፊደላት ሁሉ በላያቸው ነጥብ እናድርግባቸው። ሁለት ትርጉም ያላቸውን ቃላት ለይተን፣ ሰሙ የቱ ወርቁ የቱ እንደሆነ በኅዳጉ እንጻፍ። ከዚያ ወረቀቱን ለአንድ የሙዚቃ ተማሪ እንስጠው፦ ለአንድ ድምፅና ለአንድ በገና፣ ወይም ለክራርና ለቫዮሊን፣ ወይም ባለችው አሮጌ ፒያኖ። እሱ ደግሞ የሠራውን ጽፎ ይመልስልን፤ እኛም በስቴንስል አባዝተን ከግጥሙ ጎን እናውጣው።

መጥፎ ሊሆን ይችላል። የመጀመሪያው መጥፎ ቢሆን ሁለተኛው ይታረማል፤ ወረቀት የሚጠቅመው ለዚህ ነው። ከመካከላችን አንዳንዱ ነገ ስኮላርሺፕ አግኝቶ፣ አንዳንዱ እንጀራ ፍለጋ፣ ሻንጣውን ይዞ ቦሌ ይሰለፋል። በዚህ ማንንም አንወቅስም። የምንጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ከመሄዱ በፊት ግጥሙን ዜማ ለሚጽፍ ሰው ይስጥ፤ ዜማውንም ጽፎ እዚህ ይተው። እሱ ይሂድ፤ ዘፈኑ ይቅር።